ሊሄድ የመጣ፣ ሊኖር የመጣ

ቦንጋ ላይ ቅጠል በጋዜጣ መሃል አስተኝተው ቢጫኑት አይደርቅም፤ ይሻግታል። ይህን ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ማንም አልነገረኝም። እኔ የተወለድኩትም የተማርኩትም ሰሜን ነው። እዚያ ቅጠል ለማድረቅ ከባድ መጽሐፍ ጭኖ መርሳት ይበቃል፤ ሲያስታውሱት ቀለሙን እንደያዘ ደርቆ ይገኛል። ስለዚህ ለዘጠነኛ ክፍል ተማሪዎቼ ሕያዋን ነገሮች እንዴት እንደሚመደቡ ማስተማር ስጀምር፣ እያንዳንዳቸው ከየሰፈራቸው ቅጠል ሰብስበው፣ አድርቀው፣ ካርቶን ላይ ለጥፈው እንዲያመጡ አዘዝኩ። ያመጡልኝ ነጭና አረንጓዴ ጸጉር ያበቀለ፣ ሽታው አፍንጫ የሚያስይዝ ነገር ነበር።

እኔ ቶሎ የምቆጣ ሰው ነኝ። «አድርቁ አልኩ እንጂ ቅበሩ አላልኩም» ብዬ ክፍሉን በሙሉ ወረድኩበት። አንዳቸውም ቃል አልተነፈሱም። አንገታቸውን ደፍተው አዳመጡኝ፤ እኔም ዝምታቸውን ንቀት አድርጌ ወስጄው የባሰ ተናደድኩ። ከሰዓት በኋላ ቤቴ ገብቼ፣ ለማሳያ ይሆናሉ ብዬ ፍራሼ ሥር ያስቀመጥኳቸውን የራሴን ቅጠሎች ሳወጣ ከእነሱም የባሰ ሻግተው አገኘኋቸው። ያን ጊዜ አንድ ነገር ትዝ አለኝና ሻንጣዬን ከፈትኩ። ለሠርጌ እናቴ በእጇ የጠለፈችልኝ አንሶላ እዚያ ውስጥ ነበር፤ ባሌ ሲመጣ አነጥፈዋለሁ እያልኩ አንድም ቀን ዘርግቼው አላውቅም። በየእጥፋቱ ላይ ጥቁር ነጠብጣብ ወርዶበታል። ፍራሹ ላይ ተቀምጬ አለቀስኩ። ያለቀስኩት ለአንሶላው አልነበረም።

በማግስቱ የእነሱንም የእኔንም ሻጋታ ጠረጴዛ ላይ ደረደርኩና «ፈንጋይ የሚባለው ኪንግደም ይኼ ነው፣ በእግሩ መጥቶልናል» አልኳቸው። የእኔም መሻገቱን ሲያዩ ሳቁ። ከእኔ ጋር ሲስቁ ያየኋቸው ያን ቀን ነው። ከማንኪራ የመጣ አንድ ተማሪ እነሱ ቤት መድረቅ ያለበት ነገር ሁሉ ከምድጃ በላይ እንደሚሰቀል ነገረኝ። ከዚያ በኋላ ቅጠሉ ሁሉ በጢስ ጠቁሮ ይመጣ ጀመር። ክፍሉ ማድ ቤት ማድ ቤት ይሸታል፤ ቀለም የሚባል ነገር የለም። ግን የቅጠሉ መስመርና ጠርዝ በደንብ ይታይ ነበር፤ ለእኔ ትምህርት ደግሞ መስመርና ጠርዝ ከበቂ በላይ ነው።

ቦንጋ የደረስኩት በዕጣ ነው። በዚያን ጊዜ እኛ ስንመረቅ ክልላችን የሚታወቀው በዕጣ ነበር፤ ለእኔ ደቡብ፣ ከደቡብም ከፋ ደረሰኝ። ባሌ እኔ ከመመረቄ በፊት ወሎ ውስጥ ጂኦግራፊ ማስተማር ጀምሯል። ተጋብተን፣ የሠርጉ ወሬ እንኳ ሳይበርድ ተለያየን። ባለትዳር ነኝ ብዬ ያላመለከትኩበት ቢሮ የለም። ከወረዳ ወረዳ መዛወር ቀላል ነው፤ ከክልል ክልል ግን በጀቱ ሌላ ነው፣ መዋቅሩ ሌላ ነው ይሉኛል። ያለው መንገድ አንድ ነበር፤ መለዋወጥ። በወዲያኛው ክልል የሚያስተምር፣ ትምህርቱም ደረጃውም ከእኔ ጋር አንድ የሆነ፣ ወደ እኔ ቦታ መምጣት የሚፈልግ ሰው ከተገኘ ሁለታችን ተፈራርመን ቦታ እንቀያየራለን። ባዮሎጂ ለባዮሎጂ። ወሎ ተቀምጦ ወደ ከፋ ልምጣ የሚል የባዮሎጂ አስተማሪ ሳፈላልግ ሁለተኛ ዓመቴ ተጋመሰ።

በክረምት እኔ ወደ እሱ እሄዳለሁ። እሱ ግን ቦንጋን አያውቃትም። መንገዱ ሩቅ ነው፣ ጅማ ማደር አለ፣ እሱ ደግሞ መኪና ያመዋል እያልኩ ምክንያቱን እኔው እደረድርለት ነበር። የፈለግኩት ትልቅ ነገር አልነበረም። ከባሌ ጋር አንድ ቤት ውስጥ መኖር ነው የፈለግኩት።

ከሥራ በኋላ ያለው ሰዓት ነው የሚከብደው። ዝናቡ ከጫካው በኩል ይነሳል፤ መጀመሪያ ድምፁ ይመጣል፣ ከዚያ ቆርቆሮው ላይ ይወርዳል፣ ከዚያ በኋላ ሰው ቢጠራህም አይሰማም። የግቢው ሰዎች በረንዳ ላይ ተሰብስበው በካፊኖኖ ያወጋሉ፣ ይሳሳቃሉ። ቋንቋውን አላውቀውም። ቤት አከራዬ እትዬ ደግ ሴት ናቸው፤ አልፎ አልፎ ቆም ይሉና ለእኔ በአማርኛ አሳጥረው ይተረጉሙልኛል። ግን ተተርጉሞ የደረሰኝ ነገር አያስቀኝም፤ እንዳላስከፋቸው ብዬ እስቃለሁ። ቆይቼ ሥራ አለኝ ብዬ እነሳለሁ። ሥራ የለኝም፤ ገብቼ የፕላዝማውን መምሪያ አነባለሁ።

ክፍል ውስጥም ቢሆን ብቻዬን ነበርኩ ማለት ይቻላል። ፕላዝማ የሚባለው ቴሌቪዥን በየክፍሉ የተሰቀለበት ሰሞን ነው። የሚያስተምረው በሳተላይት የሚመጣው፣ ስክሪኑ ላይ ያለው ሰውዬ ነው፤ ያውም በእንግሊዝኛ፣ ያውም ሳይተነፍስ። እኔ ከእሱ በፊት ርዕሱን አስተዋውቃለሁ፣ ከእሱ በኋላ ጠቅለል አደርጋለሁ፣ መሃሉን ግድግዳ ተደግፌ እቆማለሁ። ሰውዬው ኪንግደም፣ ፋይለም፣ ክላስ፣ ኦርደር እያለ ይወርዳል። ጥያቄ ይጠይቅና ጥቂት ጠብቆ ጎበዞች ናችሁ ይላል፤ ከእኛ ክፍል አፉን የከፈተ ሰው የለም። የቡና ሳይንሳዊ ስም ላይ ሲደርስ አንዱ ተማሪ ወደ እኔ ዞሮ፣ ቡናው ከእኛ ጫካ ሆኖ ስሙ ለምን ከዓረብ ሆነ አለኝ። ስም ያወጣለት ሰው ያየው እዚያ ስለሆነ ነው ብዬ ልመልስለት ስል ሰውዬው ድንች ላይ ደርሷል። ስክሪን ቆይ አይባል። አስተማሪ የምሆነው ዝናቡ ከብዶ መብራት ሲጠፋ ብቻ ነበር፤ ደግነቱ ቦንጋ ዝናብ አታሳጣም።

መለያ ቁልፍ የሚባለውን ያስተማርኩት እንዲህ መብራት በጠፋበት ቀን ነው። ቁልፍ ማለት የማታውቀውን ሕያው ነገር ማንነቱን ለመለየት የሚያገለግል የጥያቄ ሰንሰለት ነው። በየእርምጃው ሁለት ምርጫ ብቻ አለ። የቅጠሉ መስመሮች ጎን ለጎን የተዘረጉ ናቸው ወይስ እንደ መረብ የተጠላለፉ? ጎን ለጎን ከሆኑ በእንሰቱ በኩል ትሄዳለህ፤ እንደ መረብ ከሆኑ በቡናው በኩል። ጠርዙ ልሙጥ ነው ወይስ እንደ መጋዝ ጥርስ ያለው? እንዲህ እየተባለ መጨረሻ ላይ አንድ ስም ብቻ ይቀራል። ሕጉ አንድ ነው፣ ዓይን የሚያየውን ብቻ ጠይቁ አልኳቸው። ይጣፍጣል አይባልም። መድኃኒት ነው አይባልም። እናቴ ትወደዋለች ማለትማ ጭራሽ አይቻልም።

ከዚያ በቡድን ሆነው የራሳቸውን ቁልፍ እንዲሠሩ አዘዝኩና ምን ላይ እንደሚሠሩ ምርጫውን ለእነሱ ተውኩት። አንዱ ቡድን የገበያ ውሾችን መደበ። ሌላው ዝንጀሮን፣ ጦጣንና ጉሬዛን ለየ፤ የእነሱ ሥራ ከመማሪያ መጽሐፉ ይሻል ነበር። የመጨረሻውን ቡድን ሥራ የምታቀርበው ከሺሺንዳ መጥታ፣ ቦንጋ ቤት ተከራይታ የምትማር ልጅ ነበረች። ቀጭን ናት፣ ድምፅዋ አነስተኛ ነው፤ ግን ያመነችበትን ነገር አትውጥም። ተነስታ «እኛ የሠራነው በትምህርት ቤታችን አስተማሪዎች ላይ ነው» አለች። ክፍሉ ገና ምኑንም ሳይሰማ መሳቅ ጀመረ።

እኔ ወንድ ወይስ ሴት፣ መነጽር ያለው ወይስ የሌለው እያለች ትቀጥላለች ብዬ ነው የጠበቅኩት። እሷ ግን ጠመኔውን አንስታ ሰሌዳው ላይ ሁለት ቅርንጫፍ ሣለች።

«የመጀመሪያው ጥያቄ፣ ሊሄድ የመጣ ነው ወይስ ሊኖር የመጣ?» አለች።

ሳቁ ቆመ። ሁሉም እኔን ነው የሚያየው።

«ይኼ አይሆንም» አልኳት። «ሰው ልቡ ውስጥ ያለውን እንዴት ታያለሽ? የሚታይ ምልክት ብቻ ነው ያልኩት።»

«ይታያል፣ ቲቸር» አለች፣ ወደ መሬት እያየች። «ሊሄዱ የመጡት ጓሯቸው ላይ ምንም አይተክሉም። አልጋም አይገዙም፣ ፍራሹ መሬት ላይ ነው።»

የእኔ ፍራሽ መሬት ላይ መሆኑን የነገራት ሰው ማን ይሆን ብዬ ብዙ መጨነቅ አላስፈለገኝም። እትዬ ለክፍሉ ግማሽ ዘመድ ናቸው። ልቆጣ ፈለግኩ፤ ግን በምን አፌ? ሕጌን ጠብቃለች። ጓሮ ይታያል፣ አልጋ ይታያል። ቀጥይ አልኳት። ሊኖሩ የመጡት ያሉበት ቅርንጫፍ አጭር ነበር፤ በጣት በሚቆጠሩ ሰዎች አለቀ። የሄያጆቹ ግን ሰሌዳውን ሞላው። በዚያ በኩል እየተሹለከለከች ወረደችና አንድ ቦታ ላይ «ቅዳሜ ቅዳሜ ቴሌ ደጅ የሚገኝ፣ የማይገኝ» ብላ ጻፈች። ከሚገኙት ሥር የቀረው ስም የእኔ ብቻ ነው፤ ቅዳሜ ቅዳሜ ለባሌ የምደውለው ከዚያ ነው። ሙሉ ማርክ ሰጠኋቸው። ምን ላድርግ፣ አልተሳሳቱም።

ከሄያጆቹ መሃል ያስገረመኝ አንድ ሰው ነበር። የጂኦግራፊ አስተማሪያችን ናቸው፤ ጠና ያሉ ሰው፣ አሁን ከሚያስተምሯቸው ልጆች የብዙዎቹን ታላላቆች ያስተማሩ። እሳቸው ሊሄዱ ከመጡት ከተቆጠሩ ማን ቀረ ብዬ ነበር። ከእሳቸው ጋር ከሰላምታ ያለፈ ወግ ኖሮን አያውቅም። ከሌሎቹም ጋር ቢሆን ያው ነው፤ ለማንም ሆዴን አልሰጥም ነበር፣ ደግሞም የሚጠይቀኝ አልነበረም። የዚያን ዕለት ግን የሆነውን ለሰው ካልነገርኩ የምፈነዳ መሰለኝና አስተማሪዎች ማረፊያ ውስጥ ብቻቸውን ሳገኛቸው አጫወትኳቸው። መጀመሪያ ከልባቸው ሳቁ። ቆይተው መነጽራቸውን አወለቁ።

«ልጆቹ ልክ ናቸው፣ እህቴ» አሉኝ። እናታቸው ወሎ ውስጥ ብቻቸውን ናቸው፤ ዓይናቸው ደክሟል። እዚህ ከመጡ ጀምሮ ከወሎ የሚለዋወጣቸው የጂኦግራፊ አስተማሪ ሲፈልጉ ኖረዋል። የሚለዋወጠኝ ሰው ዛሬ ወይ ነገ ይገኛል ሲሉ፣ ጓሮ ሳይቆፍሩ ያ ሁሉ ዘመን አለፈ።

ያን ሁሉ ጊዜ ወሎ ውስጥ የባዮሎጂ አስተማሪ ስፈልግ፣ የእኔው ባል የወሎ ጂኦግራፊ አስተማሪ መሆኑ ለአንዴ እንኳ ትዝ አላለኝም። የምሄደው እኔ ነኝ ብያለኋ! እሱ ተዛውሮ ሊመጣ ይችላል የሚል ሐሳብ ጭንቅላቴ ውስጥ ገብቶ አያውቅም። ለእሳቸው ስነግራቸው ከወንበራቸው ተነሱ። ዳይሬክተሩ ዘንድ አብረን ገባን። ሁለቱ ከተስማሙና ከፈረሙ ችግር የለውም፣ ደረጃቸውም አንድ ነው ተባልን። የቀረው የባሌ እሺታ ብቻ ሆነ።

ቅዳሜን ጠብቄ ደወልኩ። ባሌ ቅዳሜ ከሰዓት በፊት ሠፈሩ ያለ አንድ ሱቅ ስልክ ላይ ነው የሚጠብቀኝ። ትንፋሼ እየተቆራረጠ ነገርኩት። የምሥራቹን ያወራሁት ብቻዬን መሆኑን ያስተዋልኩት ከጨረስኩ በኋላ ነው። አስቤ በሚቀጥለው ቅዳሜ ልንገርሽ አለኝ። ትልቅ ነገር ነው፣ ማሰብ አለበት ብዬ ተቀበልኩት።

እንደዚያ ሳምንት ደስ ብሎኝ የኖርኩበት ጊዜ ትዝ አይለኝም። አናጢ ዘንድ ሄጄ አልጋ ገዛሁ፤ ያውም የሁለት ሰው። ሁለት ተሸካሚዎች ከገበያው እስከ ቤቴ ሲያመጡት ከተማው ሁሉ አየው። እትዬ በር ላይ ቆመው እየመሩ አስገቡትና አሁን ገና ሰው ሆንሽ አሉኝ። አንሶላውን ደጋግሜ አጠብኩት፤ ነጠብጣቡ ሙሉ በሙሉ አለቀቀም፣ ግን ለቤት ይሆናል። ጓሮው ላይ እትዬ የሰጡኝን የጎመን ችግኝ ተከልኩ፤ ከዳር ደግሞ አንድ የእንሰት ፍል። እንሰት ለመድረስ ዓመታት ይፈጃል ሲሉኝ እንጠብቃለን አልኳቸው። ክፍል ውስጥ ያቺ የሺሺንዳ ልጅ ፈገግ ብላ «ቲቸር፣ ቁልፉን እናስተካክለው?» አለችኝ። ወሬው እንደደረሳት ገባኝ። ትንሽ ቆዩ አልኳት።

ቅዳሜ የጂኦግራፊው አስተማሪ አብረውኝ መጡ። ጥሩ ኮታቸውን ለብሰዋል። ቴሌ ቤት አግዳሚው ላይ ተቀመጡ፤ እኔ ተጠርቼ ቁጥር ሁለት ገባሁ። የስልክ ሳጥኑ በር በደንብ አይዘጋም፤ ይዤው ነው የማወራው።

ባሌ ስለ ጤናዬ ጠየቀኝ፣ ስለ ዝናቡ ጠየቀኝ። ከዚያ በኋላ «እዚያ መጥቼ ምን እሆናለሁ?» አለኝ።

እንደ እኔ አስተማሪ ትሆናለህ አልኩት። ቤት እንዳለን ነገርኩት፣ አልጋውን ነገርኩት። ጫካው እንዴት እንደሚያምር፣ ማሩን፣ ሰው እንዴት ጨዋ እንደሆነ። የማወራው ለራሴም ይመስለኝ ነበር፤ እየኖርኩበት አስተውዬ ያላየሁትን ከተማ በዚያች ሳጥን ውስጥ ቆሜ አወደስኩት። እሱ በትዕግሥት አዳመጠኝና የራሱን ተናገረ። ሰዎች ለምደውታል፣ እዚያ የትምህርት ክፍሉ ኃላፊ ሊያደርጉት ነው፣ የከፋ አየር ይስማማኛል አይስማማኝም አላውቅም አለ። ሁሉም ትክክል ነበር። እኔ ግን የማስተምረውን አውቃለሁ፤ የሚታየውን ብቻ መጠየቅ ነበረብኝ።

«ለማየት እንኳ አንድ ጊዜ ለምን አልመጣህም?» አልኩት።

ሱቁ ውስጥ ሰው ሳሙና ሲገዛ ይሰማኛል።

«እኔ ያልኩት እኮ አንቺ እንድትመጪ ነበር» አለ።

«እኔ መምጣት ካልቻልኩስ?»

«እንግዲህ» አለ። እኔም ደህና ዋል ብዬ ስልኩን ሰቀልኩት። እንባዬ አልመጣም። ለመውጣት በሩን የቱ ጋ እንደምገፋ ጠፍቶኝ ትንሽ ቆምኩ።

የጂኦግራፊው አስተማሪ ሲያዩኝ ከአግዳሚው ተነሱ። ተስፋቸው ሁሉ ፊታቸው ላይ ነበር። አንድ ሰው እየጠበቀህ፣ አንተ የራስህን ሐዘን ሳታዝን ለእሱ መርዶ መንገር ምን ያህል እንደሚከብድ ያን ቀን አወቅኩ።

«ምን አለ?»

«አይመጣም፣ ጋሼ።»

«ለዘንድሮ ነው?»

«ለዘንድሮም ለሌላውም።»

ተመልሰው ተቀመጡ። ኮታቸውን አስተካከሉ፣ እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ አደረጉ። ቆይተው ተነሱና አብረን ዳገቱን ወጣን። ማካፋት ጀምሮ ነበር፤ እሳቸው ጃንጥላቸውን ወደ እኔ አዘንብለው የራሳቸው ትከሻ ይርሳል። ሊያጽናኑኝ ፈልገው ነው ያሉት፤ እንዲያውም ከተናገሩት ሁሉ ደግነት ያለበት ያ ነው።

«አይዞሽ፣ እህቴ። የጂኦግራፊ አስተማሪ እንደሆነ ሞልቷል። ሌላ እንፈልጋለን።»

እውነታቸውን ነው። ለእሳቸው ትምህርቱና ደረጃው አንድ ይሁን እንጂ ከወሎ የሚመጣ ማንኛውም የጂኦግራፊ አስተማሪ ይሆናቸዋል። ለእኔ የሚሆነኝ ያው አንዱ ብቻ ነበር፤ እሱ ደግሞ አልፈለገኝም። ይህን ለእሳቸው ማስረዳት አቃተኝ። ደግሞስ ምን ያደርግላቸዋል?

«እሺ ጋሼ» አልኳቸው። «እንፈልጋለን።»